ኡሻ ደረጃው ላይ ያልተቀመጠችባቸው ሁለት ወራት

ባለፈው ማክሰኞ የመነጽሬን መስታወት ላስቀይር ደምበል ሄጄ፣ ስመለስ የታክሲውን ሰልፍ ጠላሁና በጀርባ ባለው ቅያስ በእግሬ አዘገምኩ። ጡረተኛ ምን ያስቸኩለዋል! አንድ ግራጫ አጥር ጋ ስደርስ እግሬ ቆመ። ማለቴ፣ እኔ አላቆምኩትም፤ ራሱ ነው የቆመው። ከአጥሩ ማዶ፣ ከወጥ ቤት መስኮት፣ የሰናፍጭ ፍሬ የጋለ ዘይት ውስጥ ገብቶ ሲንጣጣ ይሰማኛል፤ ከኋላው ከሙን ተከተለ፣ ከዚያ እርድ፣ ከዚያ ያ ስሙን እስከ ዛሬ የማላውቀው፣ ጥሬውን ሲያሸቱት አፍንጫ የሚያስይዝ፣ ዘይት ሲነካው ግን ምራቅ የሚያስውጥ የህንዶች ሙጫ። ዘበኛው ብቅ አለና «እናት፣ ማንን ፈልገው ነው?» አለኝ። «ማንንም አልፈለግኩም ልጄ፤ እያሸተትኩ ነው» አልኩት። ግራ ገብቶት በሩን ገርበብ አደረገው። ምን ያድርግ፣ ሃያ ምናምን ዓመት ወደ ኋላ ተመልሼ ካዛንቺስ የኋላ ደረጃ ላይ መቀመጤን በምን ይወቅ።

ያኔ ካዛንቺስ ገና ፎቅ አልወረራትም። ከዑራኤል ወደ ውስጥ ገባ ሲሉ ጣልያን ትቷቸው የሄደ ባለ በረንዳ ቤቶች ነበሩ፤ ግድግዳቸው ቢጫ፣ መስኮታቸው አረንጓዴ፣ ግቢያቸው ውስጥ የኮክ ዛፍ የማይጠፋ። በእኛ ግቢ ትልቁ ቤት ውስጥ ህንዶች፣ ከጀርባ ባለችው ሁለት ክፍል ሰርቪስ ውስጥ እኔ እንኖር ነበር። አንድ የውጭ በር፣ አንድ ቧንቧ፣ አንድ የልብስ ገመድ ነው ያለን። ጠዋት ጠዋት ጸጉሬን ከቢጎዲን ፈትቼ፣ ሽንሽን ጉርዴን ለብሼ፣ በሃምሳ ሳንቲም ታክሲ ሜክሲኮ እወርዳለሁ፤ እዚያ አንድ መሥሪያ ቤት ታይፒስት ነበርኩ። ጣቶቼ ያኔ! ፍጥነቴን ብነግራችሁ ጉራ ይመስልብኛል። አመሻሽ ላይ ስመለስ ማዕዘኑ ላይ ያለው ካሴት ቤት ድምፅ ማጉያውን ወደ መንገዱ አዙሮ የፍቅር ዘፈን ይለቃል፤ ጫማዬ ተረከዙ ቀጭን ነውና ድንጋዩን እየመረጥኩ ስራመድ ዘፈኑ ሳያልቅ ግቢያችን እደርሳለሁ። በሩን ስከፍተው ያ የሰናፍጭ ሽታ ይቀበለኛል። አሁን ሳስበው ዘፈኑንና ሽታውን ለይቼ ማስታወስ አልችልም፤ አንዱ ሲመጣ ሌላውን ይዞት ይመጣል።

የቤቱ ንግሥት ባ ነበሩ። ባ በአገራቸው ቋንቋ እናት ማለት ነው፤ ሰፈሩ በሙሉ፣ አንድ ቀን ከእሱ ሥጋ ገዝተው የማያውቁት ባለ ሉካንዳ ሳይቀር፣ ባ ይላቸዋል። በጃንሆይ ዘመን በአሥራ ስድስት ዓመታቸው ለጨርቅ ነጋዴ ተድረው በመርከብ፣ ከዚያም በጅቡቲው ባቡር የመጡ ናቸው። ሱቁ ሁሉ ነገር በተወረሰበት ዘመን ተወረሰ፤ ባልየውም ብዙ ሳይቆዩ አረፉ። የባ አማርኛ የሱቅ አማርኛ ነው፤ ለክርክርና ለቁጣ ይበረታል፣ ለምስጋና ያጥራል። ልብሳቸው ሁልጊዜ ነጭ ሳሪ ነበር። እኔ ሞኟ መጀመሪያ ሰሞን «ባ፣ ዛሬ ደግሞ የምን በዓል ነው?» እያልኩ አደርቃቸው ነበር፤ በእነሱ ዘንድ ነጭ የባል ሐዘን መሆኑን ማን ነግሮኝ! እሳቸው ግን አይከፋቸውም። «የመሥሪያ ቤት ሰው አርፍዶ የሚሄድበት በዓል» ይሉኛል፣ የእጅ ሰዓቴን በአገጫቸው እያሳዩ።

ሲነጋ በቀዝቃዛ ውኃ ይታጠባሉ፣ በሐምሌም ቢሆን። ከዚያ ቁም ሣጥን ውስጥ የተደረደሩት አማልክታቸው ፊት ቆመው ትንሿን ደወል ያቃጭላሉ፤ ከዚያ ወደ ግቢ ይወጡና ዘይት ቆርቆሮ ውስጥ የተተከለች አንዲት በሶብላ ውኃ እያጠጡ ይዞሯታል። የእኔና የባ ትውውቅ የጀመረው በዚህች በሶብላ ነው። ግቢው በገባሁ በሳምንቴ፣ ለሽሮዬ ይሆነኛል ብዬ፣ ቅጠሏን ሸምጥጬ ላሰጣ ስል ያዙኝ። «አንቺ! አምላክ ትበያለሽ?» ብለው ሲጮኹ መንገደኛው ሁሉ በአጥር ተንጠራርቶ አየን። ለካ ተክሏ የተቀደሰች ናት። መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ ደስ ባለኝ። ሦስት ቀን አኮረፉኝና በአራተኛው ሌላ ችግኝ በጣሳ አምጥተው ደጃፌ ላይ አስቀመጡ። «ይቺ የሚበላ ነው። ያቺን አትንኪ» አሉኝ። የሁለቱን ልዩነት እስከ ዛሬ አላውቀውም።

ቤቱን የምትሠራው ኡሻ ነበረች፤ የባ የአንድ ልጃቸው የኪሾር ሚስት። ከህንድ ሙሽራ ሆና ስትመጣ የሃያ ዓመት ልጅ ነበረች፤ ቀጭን፣ ዓይኗ ፊቷን የሞላው፣ ስትስቅ አፏን በሳሪዋ ጫፍ የምትሸፍን። ኪሾር የሒሳብ አስተማሪ ነው፤ ሰፋሪ ሱፉን ግጥም አድርጎ ለብሶ፣ ኪሱ ላይ ሁለት እስክሪብቶ ሰክቶ ይወጣል፣ ይመለሳል። ጥሩ ሰው ነው፤ ግን ከአፉ ቃል ለማውጣት ጉልበት ይጠይቃል። ኡሻ ባ ሲገቡ ሳሪዋን ወደ ግንባሯ ሳብ ታደርጋለች፣ ሲወጡ ትለቀዋለች። በየቀኑ ቻፓቲ፣ ያን ስስ ቂጣቸውን፣ ትዳምጣለች፤ የመጀመሪያዋ ቻፓቲ ደግሞ የላም ናት። ይህ ሥርዓታቸው ነው፣ ሰው ከመቅመሱ በፊት ላም ትቀምሳለች። ካዛንቺስ ውስጥ ላም ከየት ይመጣል አትበሉኝ፤ ያኔ ከአጥራችን ማዶ ወተት የምትሸጥ ሴትዮ ነበረች። ላሟ በህንዶቹ ቻፓቲ ወፍራ ወፍራ በበረቱ በር መውጣት አቅቷት ነበር ብል ትንሽ ነው ያጋነንኩት። ሴትዮዋም ብልጥ ናት፤ «ዛሬ ቅቤ አልተቀባም እንዴ?» ብላ ትጠይቃለች።

ብቻ ከዚያ ቤት ነገር ሁሉ ግራ ያጋባኝ የኋላው ደረጃ ነበር። በየወሩ ኡሻ ከወጥ ቤት ትጠፋለች። ሦስት ቀን ሙሉ ከኋላ በር በሚወርደው ደረጃ ላይ ምንጣፍ አንጥፋ፣ የራሷን ሳህንና ብርጭቆ ይዛ ትቀመጣለች፤ የሚያበስሉት ባ ይሆናሉ፣ ምግቡንም ሳይነኳት ከላይ ሳህኗ ላይ ይጥሉላታል። መጀመሪያ ያየሁ ዕለት ተጣልተው የተቀጣች መስሎኝ ደሜ ፈላ። «ምን አጥፍተሽ ነው?» አልኳት። ሳቀች። «አላጠፋሁም። ወር ነው» አለችኝ። የወር አበባዋን ማለቷ ነው። በእነዚያ ቀናት ወጥ ቤት አትገባም፣ አማልክቱ ጋ አትደርስም፣ አቻር በተቀመጠበት አታልፍም። አቻር ጥሬ ማንጎ በጨው፣ በበርበሬ፣ በአብሽና በሰናፍጭ ተለውሶ ዓመት የሚቆይ ማባያቸው ነው፤ በዚያ ሰሞን ሴት ከነካችው ይበላሻል ይላሉ። ጉድ ብዬ የምጮህ መስሏት በልምምጥ ታየኛለች። «እኛም እኮ እንዲሁ ነን» አልኳት። «እኔም በዚያ ሰሞን ዑራኤል ስሄድ ከቅጥሩ ውጭ ቆሜ ነው የምሳለመው።» ደስ ሲላት እጄን ለቀም አደረገችኝ፤ ወዲያው ደንግጣ ለቀቀችው፣ ነክታኛለቻ! «ግድ የለሽም፣ እኔ አቻር አይደለሁም» አልኳት።

ከዚያ ወዲያ እነዚያ ሦስት ቀናት የእኛ ሆኑ። ከሥራ ስመለስ ቦርሳዬን እንደያዝኩ አጠገቧ ቁጭ ነው። አማርኛ አስተምራታለሁ፤ እሷ ደግሞ የፊልም ዘፈኖቻቸውን በጆሮዬ ታንቆረቁርልኛለች፣ ትርጉሙን ስጠይቃት «ፍቅር ነው፣ ዝናብ ነው፣ እናት ተቆጣች» ትለኛለች፤ የሁሉም ዘፈን ትርጉም ይኸው ነው። የኮክ አበባ በሚረግፍበት ወር ደረጃው ሮዝ ይሆናል። ፀሐይዋ ከቆርቆሮው ጣሪያ ላይ ቀስ ብላ ስትወርድ፣ የኮኮናት ዘይት የተቀባው ጸጉሯ ሲያብረቀርቅ፣ ከውስጥ የባ ዥዋዥዌ ሰንሰለት ሲንቋቋ ይሰማል። ሳሎናቸው መሀል ከጣሪያ የተንጠለጠለ ሰፊ የእንጨት ዥዋዥዌ ነበራቸው፤ ባ እዚያ ላይ ተቀምጠው ምስር ይለቅማሉ፣ ይጸልያሉ፣ ይፈርዳሉ። በሕይወቴ እንደዚያ ያረፍኩበት ጊዜ የለም። የቤት እመቤት ሆና በወር ሦስት ቀን ምንም ሥራ አትንኪ የምትባል ሴት፣ በቃ፣ እኔ ቀናሁባት።

ለማንም ያልተናገርኩትን የነገርኳት እዚያ ደረጃ ላይ ነው። ባል ነበረኝ። አምስት ዓመት አብረን ኖርን፣ ልጅ አልመጣም። አንድ ቀን ከሥራ ስመለስ አማቴ ሻንጣዬን በረንዳ ላይ አውጥታ ጠበቀችኝ። አልጮኸችም፣ አልሰደበችኝም፤ ሻንጣውን ብቻ በእግሯ ገፋ አደረገችልኝ። የገዛ እናቴ እንኳ «ምን ይደረግ ብዙነሽ፣ እነሱስ ዘር አያምራቸውም?» ነው ያለችኝ። ይህ ከሆነ አሥራ ሁለት ዓመት አልፎት ነበር። ኡሻ ሰምታ ስታበቃ አራት ጣቷን አሳየችኝ። የእሷም ትዳር አራት ዓመት ሞልቶታል፣ ልጅ የለም። ለእኛ መቀመጫ የሆነው ደረጃ ለባ የቀን መቁጠሪያ ነበር፤ ኡሻ ምንጣፏን ይዛ በወጣች ቁጥር በዚህም ወር እንዳላረገዘች ባ ያውቃሉ፣ ኪሾር ያውቃል፣ እኔም አውቃለሁ። ባ በመስኮት ያዩና መጋረጃውን ይመልሱታል።

አንድ የካቲት ላይ ዓይኗ አብጦ አገኘኋት። ከህንድ የባ እህት ደብዳቤ ጽፋለች፦ እዚህ ሌላ ልጅ አለች፣ ቤተሰቧም ደህና ነው፣ ያቺን ወደ አባቷ ቤት ላኳት። ባ ደብዳቤውን ለኪሾር ኡሻ እየሰማች አነበቡለት። ኪሾር ወለሉን አየ። ባ «እስከ ክረምት እንይ» ብለው አጥፈው አማልክቱ ቁም ሣጥን ውስጥ ከተቱት። «አባቴ ቤት ሦስት እህቶች አሉ፣ ያላገቡ» አለችኝ ኡሻ። «እኔ ከተመለስኩ እነሱን ማን ያገባል? ክረምት ሲገባ ታባርረኛለች፣ ብዙ።» ምን ልበላት? ተስፋ አትቁረጪ አልኳት፤ ለእኔም ሰዎች ይሉኝ የነበረው እሱኑ ነው፣ ምንም እንዳልጠቀመኝ እያወቅኩ አልኳት።

መጋቢት ገባ፣ ማንጎ መጣ። ጥሬ ማንጎ ተቆርጦ ግቢው ውስጥ በነጭ አንሶላ ላይ ሲሰጣ ወፎቹ ሁሉ ያብዳሉ። ኡሻ ደረጃው ላይ አልወጣችም። ሥራ በዝቶ ቀኑ ተምታቶብኝ ይሆናል ብዬ አለፍኩት። ሚያዝያ ገባ፤ አሁንም የለችም። ወጥ ቤት ውስጥ እጅጌዋን ሰብስባ አብሽ ስትቆላ፣ ማንጎ ስትለውስ፣ በብልቃጥ ስትሞላ አያታለሁ። እኔ ደግሞ በልቤ እቆጥራለሁ። አንድ ወር፣ ሁለት ወር! ታይፕ ላይ ተቀምጬ ብቻዬን ፈገግ ስል አለቃዬ «ብዙነሽ፣ ዕጣ ወጣልሽ እንዴ?» አሉኝ። እውነት ለመናገር የራሴ ሆድ የሞላ ያህል ነበር የተሰማኝ። ኡሻ በወጥ ቤቱ መስኮት ስታየኝ ዓይኗን ስትሰብር እንኳ ያው የእርግዝና ዓይነ አፋርነት ነው አልኩ።

ከፋሲካ በኋላ በነበረው ቅዳሜ፣ ባ በሶብላዋን ዞረው ሲጨርሱ ጠብቄ ሁለት እጃቸውን ያዝኩና «እንኳን ደስ ያለዎት ባ! ማርያም በሰላም ታገላግልልዎት!» አልኳቸው። ባ አንዴ ፊቴን አዩ፣ አንዴ ወደ ኋላው ደረጃ አዩ። ለካ እሳቸውም ሲቆጥሩ ኖረዋል፤ ግን በእነሱ ዘንድ ሦስት ወር ሳይሞላ እንዲህ ያለ ነገር አይነሣም፣ ዓይን ይገባዋል። «ኡሻ ነገረችሽ?» አሉኝ። እኔ ቀባጣሪዋ ዓይኔን ጨፍኜ «ታዲያሳ!» አልኩ። አፌን በቆረጠው! ያን የመሰለ ፊት ባ ላይ አይቼ አላውቅም፤ አሥር ዓመት የወጣላቸው መሰለኝ። ወዲያው ወጥ ቤት ገቡና የሽምብራ ዱቄት በቅቤ አስነክተው፣ በስኳር አድበልብለው፣ ለካሴት ቤቱ፣ ለባለ ሉካንዳው፣ ለወተት ሻጯ፣ ለሁሉም በየሳህኑ ላኩ። ለላሚቱም ጭምር።

ከቀትር በኋላ ኡሻ ቤቴ ገባች፤ በሩን ዘግታ ተደገፈችበት። «ብዙ፣ ምን አደረግሽኝ?» አለች። ያኔ ገባኝ። አላረገዘችም። ሁለቱንም ወር ደብቃለች፤ ጨርቋን ከውኃ በርሜሉ ጀርባ እያጠበች፣ ሆዷን እየቆረጣት ወጥ ቤት ገብታ ቆማለች። ባ ደረጃው ላይ ሳያዩዋት ሲቀሩ ተስፋ ያደርጋሉ፣ ተስፋ ካደረጉ ለእህታቸው መልስ አይጽፉም፣ እስከዚያ ደግሞ እግዜር ያውቃል ብላ ነው። «አልዋሸሁም እኮ። ዝም ነው ያልኩት። አንቺ ነሽ አፍ የሰጠሽው።» ከዚያ እግሬ ሥር ቁጭ አለችና «ጽንሱ ወረደባት በያት። አንቺ ካልሻት ታምናለች» አለችኝ። ወረደባት ማለት ቀላል ነው፤ ሰው ያዝናል፣ ይረሳል። «እሺ» አልኳት። ምን ላድርግ፣ ነገሩን ያበላሸሁት እኔ ነኝ።

እሑድ ከቅዳሴ መልስ ጫማዬን ደጃፍ ላይ አውልቄ ትልቁ ቤት ገባሁ። ውሸቱን መንገድ ለመንገድ አጥንቼዋለሁ። ባ ዥዋዥዌው ላይ ናቸው፤ ጉልበታቸው ላይ ያረጀ የቆርቆሮ ሣጥን ከፍተው፣ ኪሾር በልጅነቱ ያደረጋትን የክር ቆብ የተተረተረ ጫፍ በመርፌ ይይዛሉ። መነጽር የላቸውም፣ መርፌውን በጣታቸው እየዳሰሱ ነው። ያጠናሁት ሁሉ ጠፋብኝ። ይህችን ሴት ላልነበረ ልጅ ላስለቅሳት ነው?

«ባ፣ ኡሻ አላረገዘችም» አልኩ።

«አንቺ ነሽ ያልሽኝ።»

«እኔ ነኝ። እሷ አልነገረችኝም። ደረጃው ላይ ሳጣት ከራሴ አወጣሁት።»

«ታዲያ ደረጃው ላይ ለምን አልወጣችም?»

«ፈርታዎት ነዋ!» አልኩ። «እርስዎ እየቆጠሩባት እንዴት ትውጣ? እኔን ይዩኝ ባ። እኔም ተባርሬያለሁ። አማቴ ሻንጣዬን በእግሯ ገፍታ ሰጠችኝ። ከዚያ ለልጇ ሌላ አመጣችለት፤ ሌላዋም ይኸው እስከ ዛሬ አልወለደች! እኔ ግን በሄድኩበት ሁሉ መካኗ ተብዬ ቀረሁ። ኡሻንም እንዲህ ሊያደርጓት ነው?»

ዥዋዥዌው ቆመ። ባ ቆቧን አጥፈው ሣጥኑ ውስጥ መለሱ፤ ክዳኑን ገጠሙ። «ውጪ» አሉኝ። ወጣሁ። ጫማዬን በግራና በቀኝ ለማድረግ ስንት ጊዜ እንደሞከርኩ እኔ ነኝ የማውቀው።

ሰኞ ከሥራ ስመለስ ግቢው የሰናፍጭና የማንጎ ጎርፍ ነበር። ባ ኡሻ የነካችውን አቻር ሁሉ፣ የዓመት ቀለብ ያህሉን፣ ብልቃጥ በብልቃጥ ኮኩ ሥር ገልብጠውታል። ወጥ ቤቱ ታጥቧል፣ አማልክቱ በወተት ታጥበዋል፣ መጋረጃው ሁሉ ገመድ ላይ ነው። ልቤ ያዘነው ለኡሻ ነው፤ ለአቻሩም አላዘንኩም ብል ግን እዋሻለሁ። በየቀኑ ስመለስ መጀመሪያ የማየው የኡሻን ሳሪ ነው፤ ገመዱ ላይ ካለ አልሄደችም ማለት ነው። ማንም አያናግረኝም። ባ ሲያዩኝ ፊታቸውን ወደ በሶብላዋ ይመልሳሉ። ኪሾር እንኳ በሩ ላይ ሲያገኘኝ አንገቱን ሰብሮ ያልፋል። ሌላ የምከራየው ቤት ማፈላለግ ጀመርኩ፤ እሷ ሻንጣ ይዛ ስትወጣ ቆሜ የማይበት ዓይን የለኝም።

ግንቦት ላይ አንድ አመሻሽ በሩን ከፍቼ ስገባ ኡሻ ምንጣፏን አንጥፋ ደረጃው ላይ ተቀምጣለች። ጭንቅላቷን ጉልበቷ ላይ ደፍታዋለች። ክረምት ሊገባ ምን ቀረው? ወደ እሷ ልሂድ፣ ወደ ቤቴ ልግባ ሳመነታ የኋላው በር ተከፈተና ባ ወጡ። እጃቸው ላይ የኮኮናት ዘይት ጠርሙስ ይዘዋል። ጉልበታቸውን ደግፈው፣ እያቃሰቱ፣ ከኡሻ በላይ ያለችው እርከን ላይ ተቀመጡ። ኡሻ ልትነሣ ስትል ትከሻዋን ይዘው አስቀመጧት። ያዟት! ከዚያ ጸጉሯን ፈቱና ዘይት ይቀቧት ጀመር፣ ግቢው ሁሉ እያየ፣ ወተት ሻጯ በአጥሩ ላይ አፏን ከፍታ እያየች።

«ባ፣ ነኩኝ እኮ» አለች ኡሻ።

«ውኃ ሞልቷል። እታጠባለሁ» አሉ ባ። ከዚያ ቀና ሳይሉ፣ እኔ እንድሰማ በአማርኛ፣ «የእህቴን ደብዳቤ ምድጃ ውስጥ ጨመርኩት» አሉ።

ከዚያስ ልጅ መጣ ወይ ትሉኝ ይሆናል፤ ሁሉም ሰው ይህን ነው የሚጠይቀኝ። አልመጣም። ኡሻ በየወሩ ደረጃው ላይ ስትወጣ ኖረች፣ ባም በየወሩ ዘይታቸውን ይዘው ይከተሏታል። ባ በስተርጅና ሲታመሙ ከማንም እጅ አልበላ ብለው ኡሻ ብቻ ነበረች የምታጎርሳቸው፤ ካረፉ በኋላ ኪሾር ናይሮቢ ሥራ አግኝቶ ይዟት ሄደ። መጀመሪያ ሰሞን ደብዳቤ ነበር፣ ከዚያ ስልክ፣ ከዚያ እኔም ከዚያ ግቢ ወጣሁ፣ ቤቱም ፈረሰ። አሁን እዚያ ቦታ ሆቴል ቆሟል። አንዴ ገብቼ ማኪያቶ ጠጣሁ፤ ደረጃው የት ጋ እንደነበር ለመገመት ዞር ዞር ስል አስተናጋጇ መጸዳጃ ቤቱን አሳየችኝ።

የዚያን ቀን ነገር ግን እዚያ ላይ አላለቀም። እኔ ቦርሳዬን አቅፌ መሬቱ ላይ ቆሜያለሁ፤ ልሂድ ወይስ ልቆይ አላወቅኩም። ባ የኡሻን ጸጉር ለሦስት ከፍለው መጎንጎን ጀምረዋል። «አንቺ ብዙ» አሉኝ፣ ከወር በኋላ መጀመሪያ ያናገሩኝ ያኔ ነው። «አማትሽ ከዚያ በኋላ መጥታ ታውቃለች?»

«የት ባ?»

«አንቺ ጋ። ይቅርታ ልትል።»

«ኧረ ምን ሲደረግ! እንኳን ልትመጣ መንገድ ላይም ስታየኝ ታልፈኛለች።»

ባ የጉንጉኑን ጫፍ በክር አሰሩት። ቋጠሮውን ሁለቴ ሳብ ሳብ አድርገው አዩትና ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና ብለው ዓይኔን አዩኝ። «እሷ ካልመጣች እኔም አማት ነኝ» አሉ። «ስለ እሷ እኔን ይቅር በይኝ።»

አሥራ ሁለት ዓመት ሙሉ ይህን ቃል ከአንድ ሰው ስጠብቅ እንደኖርኩ ያወቅኩት ያን ጊዜ ነው። ኡሻ ምንጣፏ ላይ ጠጋ ብላ ቦታ ለቀቀችልኝ። ሄጄ ተቀመጥኩና የሠላሳ ስምንት ዓመት ሴትዮ፣ የመሥሪያ ቤት ጸሐፊ፣ እንደ ሕፃን ድምፄን አውጥቼ አለቀስኩ።